ከኤም-16 እስከ ኤም-7፦ የአሜሪካ እግረኛ ጠመንጃ ለምን ወደ ከባዱ ጥይት ተመለሰ?

የአሜሪካ ምድር ጦር ኤም-7 የተባለውን አዲስ የእግረኛ ጠመንጃ በሜይ 2025 ለመደበኛ አገልግሎት ብቁ ነው ብሎ በይፋ ሲመዘግበው፣ ከስድሳ ዓመት በላይ የቆየ አንድ የጠመንጃ ዘር ከግንባር ተዋጊው እጅ መውጣት ጀመረ። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታትና ወራት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) የሚተካው ኤም-4 ካርባይን ሲሆን፣ ኤም-4 ራሱ የኤም-16 አጠር ያለ ተወላጅ ነው። ጉዳዩ አንድን መሣሪያ በሌላ የመተካት ብቻ ቢሆን ኖሮ ለባለሙያዎች ሊተው በተቻለ ነበር። አዲሱ ጠመንጃ ይዞት የመጣው 6.8 ሚሊ ሜትር ጥይት ግን ይኸው ጦር በ1960ዎቹ ብዙ ተከራክሮ የዘጋውን ጥያቄ እንደገና ከፍቶታል፤ እግረኛ ወታደር ጥቂት ግን ከባድና ሩቅ ደራሽ ጥይት ይያዝ፣ ወይስ ብዙ ግን ቀላል ጥይት? ታሪኩን ከመነሻው ስንከታተለው፣ ጠመንጃውን ወደፊትም ወደኋላም የመራው ጥይቱ እንደ ሆነ፣ ወታደሩ ሕይወቱን የከፈለውም ጥይትና ጠመንጃ ተለያይተው በታዩበት ጊዜ እንደ ሆነ እንረዳለን።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት የአሜሪካ እግረኛ ይዞት የዘመተው ኤም-1 ጋራንድ ስምንት ጥይት የሚጎርስ፣ ምላጩ በተሳበ ቁጥር አንድ አንድ የሚተኩስ፣ ከአራት ኪሎ በላይ የሚመዝን ጠንካራ መሣሪያ ነበር። በኮርያ ከአሜሪካ ሰባተኛ ክፍለ ጦር ጋር የተሰለፉት የቃኘው ሻለቃ ወታደሮችም የተዋጉት በዚሁ ጠመንጃ ነው። ጥይቱ በ1906 የወጣ ሲሆን፣ የዚያ ዘመን መኮንኖች ተኳሽ አንድ ኪሎ ሜትርና ከዚያም በላይ ርቆ ያለን ጠላት መምታት ይኖርበታል ብለው ያስቡ ስለ ነበር እጅግ ኃይለኛ ተደርጎ ተሠርቷል። ጀርመኖች በጦርነቱ ማብቂያ ላይ ቀለሁ አጭር፣ ባሩዱም መጠነኛ የሆነ ጥይት ሠርተው፣ አንድ አንድም በተከታታይም የሚተኩሰውን ኤስ.ቲ.ጂ-44 ለሠራዊታቸው አደሉ። ሶቪየቶች በዚያው መንገድ ሄደው 7.62×39 ጥይትን አዘጋጁ፤ በአገራችን ከደርግ ዘመን ጀምሮ ማንም የሚያውቀው ክላሽም የተነደፈው በዚህ መካከለኛ ጥይት ዙሪያ ነው።

አሜሪካኖች ወደዚህ ሐሳብ የደረሱት ዘግይተው ነው። የሚያስቆጨው ደግሞ መረጃው በእጃቸው ሳለ መዘግየታቸው ነው። በጆንስ ሆፕኪንስ ዩኒቨርሲቲ አስተዳዳሪነት ለምድር ጦሩ ጥናት ያካሂድ የነበረው የኦፕሬሽን ምርምር ቢሮ በ1952 ባወጣው ዘገባ፣ አጥኚው ኖርማን ሂችማን የውጊያ ቁስሎችን፣ የመልክዓ ምድርን እይታና የተኳሾችን ብቃት አነጻጽሮ፣ በጦር ሜዳ ጠመንጃ በእውነት የሚሠራው ከ300 ያርድ፣ ማለትም ከ270 ሜትር ገደማ ባነሰ ርቀት እንደ ሆነ አሳየ። ከዚያ ያለፈውን ጠላት ወታደሩ አብዛኛውን ጊዜ አያየውም፤ ቢያየውም በተኩስ ውርጅብኝ መካከል ሆኖ እምብዛም አይመታውም። ስለዚህ አነስ ያለ አረር በፍጥነት የሚልክ ቀላል ጠመንጃ ያለ ጉልህ ጉዳት ትልቁን ሊተካ ይችላል የሚል ድምዳሜ ላይ ደረሰ።

የጦሩ የመሣሪያ መምሪያ ግን ዘገባውን ወደ ጎን አስቀምጦ በነበረበት ቀጠለ። እንግሊዞች በ1951 ኢ.ኤም-2 የተባለ፣ ሰባት ሚሊ ሜትር መካከለኛ ጥይት የሚተኩስ ጠመንጃ ለመቀበል ወስነው ነበር፤ አሜሪካ በሙሉ ኃይል ጥይት ላይ ስለ ጸናች ግን የኔቶ አንድነት እንዳይናጋ ሲባል ቸርችል ውሳኔውን ሻሩት። በ1954 7.62×51 የኔቶ መደበኛ ጥይት ሆነ፤ በ1957ም አሜሪካ በዚህ ጥይት የሚሠራውን ኤም-14 ተቀበለች። ኤም-14 በተከታታይ እንዲተኩስ ታስቦ የተሠራ ቢሆንም፣ እንዲህ ያለ ጥይት ከአራት ኪሎ ጠመንጃ በተከታታይ ሲወጣ አፈሙዙ ወደ ላይ ስለሚሸሽ ተኳሹ ሊቆጣጠረው አልቻለም፤ ለአብዛኛው ወታደር የተሰጠውም በተከታታይ የሚያስተኩሰው ቁልፍ ተነሥቶለት ነበር። በተግባር የተገኘው ካዝናው ሃያ ጥይት የሚይዝ የተሻሻለ ጋራንድ ነበር ማለት ይቻላል።

ሌላው መንገድ የተከፈተው ከጦሩ መምሪያ ውጭ ነው። በካሊፎርኒያ፣ ሆሊውድ፣ የፌርቻይልድ አውሮፕላን ኩባንያ ቅርንጫፍ በሆነው ትንሹ አርማላይት፣ ዩጂን ስቶነር የሚባል መሐንዲስ ከአውሮፕላን ሥራ የተወሰደ አሉሚኒየምና ፕላስቲክ በመጠቀም ኤ.አር-10ን ነደፈ። ከዚያም በ1957 እና በ1958 የሥራ ባልደረቦቹ ይህንኑ ንድፍ አሳንሰው 5.56 ሚሊ ሜትር የሚተኩሰውን ኤ.አር-15 አወጡ። በክላሽ ውስጥ ከበርሜሉ የሚቀዳው የባሩድ ጋዝ ፒስተን ገፍቶ መዝጊያውን ወደ ኋላ ይመልሳል፤ በስቶነር ንድፍ ግን ፒስተኑ ተለይቶ የተቀመጠ ሳይሆን ጋዙ በቀጭን ቱቦ በቀጥታ ወደ መዝጊያው ተሸካሚ ገብቶ ሥራውን እዚያው ይሠራል። በዚህም ጠመንጃው ቀላል ሆነ፣ ሲተኮስም ቀጥ ብሎ ወደ ትከሻ ብቻ ይገፋል። በአንጻሩ የባሩዱ ጥቀርሻ በቀጥታ ወደ ጠመንጃው ሆድ ይገባል። ስለዚህ ከክላሽ ይልቅ ይህ ጠመንጃ ስለሚጠቀምበት ባሩድ ዓይነት መራጭ ነው፤ በኋላ የደረሰው ጥፋት ሁሉ ከዚህ ነጥብ ጋር የተያያዘ ነው።

ኮልት ኩባንያ በ1959 የማምረት መብቱን ገዛ። የምድር ጦሩ መምሪያ ፊቱን ቢያዞርም፣ የአየር ኃይሉ ጄኔራል ከርቲስ ለሜይ ጠመንጃውን ተኩሶ ስለ ወደደው ለአየር ጣቢያ ጠባቂዎች እንዲገዛ ጠየቀ። በ1962 አንድ ሺህ ያህሉ በሙከራ መልክ ለደቡብ ቬትናም ወታደሮች ተሰጠ፤ ከዚያ የመጣውም ሪፖርት እጅግ የሚያሞግስ ነበር። የመከላከያ ሚኒስትሩ ሮበርት ማክናማራ የሁለቱን ወገኖች ክርክር ከሰማ በኋላ በ1963 የኤም-14 ምርት እንዲያበቃ ወስኖ፣ በዚያው ዓመት መጨረሻ ለምድር ጦሩ 85,000፣ ለአየር ኃይሉ 19,000 የአዲሱ ጠመንጃ ዓይነቶች ታዘዙ፤ ኤ.አር-15 በጦሩ ዘንድ ኤም-16 የተባለውም በዚህ መንገድ ነው። የጥይቱ ጥቅም ግልጽ ነበር፤ አንድ የ7.62 ጥይት 24 ግራም ገደማ ሲመዝን የ5.56ቱ የዚያን ግማሽ ብቻ ስለሚመዝን፣ ወታደሩ በዚያው ሸክም እጥፍ ጥይት ይይዛል።

ከዚህ በኋላ የሆነውን ረጋ ብሎ ማየት ያስፈልጋል። ኤ.አር-15 የተነደፈውና የተሞከረው አይ.ኤም.አር 4475 በተባለ የዱፖንት ባሩድ ነበር። ጦሩ አረሩ ከአፈሙዝ ሲወጣ በሰከንድ 990 ሜትር ያህል እንዲፈጥን ደነገገ፤ ጥይት በብዛት ማምረት ሲጀመር ግን ይህን ፍጥነት በተወሰነው የግፊት ጣሪያ ውስጥ በዚያ ባሩድ ደጋግሞ ማግኘት አስቸጋሪ ሆነ። ድንጋጌውን ትንሽ ዝቅ ማድረግ ይቻል ነበር። ጦሩ የመረጠው ባሩዱን መለወጥ ነው። የተመረጠው የኦሊን ኩባንያ ዳብልዩ.ሲ 846 በ7.62 ጥይት ውስጥ በሚገባ ያገለገለ ስለ ነበር ባለሥልጣናቱ ስጋት አልገባቸውም። ይሁንና ይህ ባሩድ በሚቃጠልበት መንገድ የተነሣ ጋዝ በሚቀዳበት የበርሜሉ ቀዳዳ ላይ የሚደርሰው ግፊት ከፍ ይላል፤ መዝጊያው ከታሰበለት ቀድሞና ፈጥኖ ወደ ኋላ ይመለሳል፤ የተኩሱም ፍጥነት በደቂቃ እስከ አንድ ሺህ ጥይት ይደርሳል። ቀለሁ ገና ከማጉረሻው (ጥይቱ ሲተኮስ ከሚቀመጥበት የበርሜሉ የኋላ ክፍል) ግድግዳ ጋር ተጣብቆ ሳለ መንጠቆው ሊያወጣው ሲጎትት ወይ የቀለሁን ጠርዝ ይቦጭቃል፣ ወይ ቀለሁ ተቀርቅሮ ይቀራል። በባሩዱ ውስጥ የነበረው የካልሲየም ካርቦኔት ቅሪት ደግሞ ቀጭኑን የጋዝ ቱቦ ይደፍነው ነበር።

ስቶነር በኋላ ለምክር ቤት እንደ መሰከረው፣ ስለ ባሩዱ ለውጥ አስተያየቱ የተጠየቀው ውሳኔው ካለፈ በኋላ ነበር። ከዚህም የከፋ ነገር ነበር። ከፋብሪካ የሚወጡት ጠመንጃዎች በአዲሱ ባሩድ ሲተኮሱ የተኩስ ፍጥነቱን ገደብ ስለሚያልፉ፣ ኮልት የርክክብ ሙከራውን በቀድሞው ባሩድ በተሞላ ጥይት እንዲያካሂድ ተፈቀደለት። በሌላ አነጋገር፣ ጠመንጃው ፈተናውን የሚያልፈው ወታደሩ በማያገኘው ጥይት ነበር። በዚህ ላይ የኤም-14 እና የክላሽ የጥይት ማጉረሻ በክሮም የተለበጠ ሆኖ ሳለ የኤም-16ቱ አልተለበጠም፤ በቬትናም እርጥበት የማጉረሻው ውስጥ ዝገት ሲይዘው ቀለህ የመቀርቀሩ ነገር ባሰ። ለወታደሩም ይህ ጠመንጃ ብዙ ጽዳት አያስፈልገውም ተብሎ ተነገረው፤ የመወልወያ ዘንግና ቁሳቁስም በበቂ መጠን አልተላከለትም።

ውጤቱ በ1966 እና በተለይም በ1967 ጸደይ፣ በኬ ሳን አቅራቢያ በነበሩት ኮረብታዎች ውጊያ ላይ ታየ። ከዚያ ውጊያ የተረፈ አንድ ማሪን (የአሜሪካ የባሕር ወለድ ጦር ወታደር) ለቤተሰቡ በጻፈው ደብዳቤ፣ ከሞቱት ጓዶቹ ብዙዎቹ የተገኙት ጠመንጃቸውን ፈታትተው ሊያስተካክሉ ሲታገሉ እንደ ነበር ገለጸ፤ ደብዳቤው በምክር ቤት ተነበበ። የምዙሪው የምክር ቤት አባል ሪቻርድ አይኮርድ የመራው ንዑስ ኮሚቴ ምርመራውን በሜይ 1967 ጀምሮ በኦክቶበር ባወጣው ዘገባ፣ የጥይቱን ጉድለት ለማረም ሥልጣን የነበራቸው የጦሩ ኃላፊዎች እርምጃ አለመውሰዳቸው ወደ ወንጀል የተጠጋ ቸልተኝነት ነው አለ። በእኔ አመለካከት ከዚህ የለዘበ ቃል አይገባቸውም ነበር። ጥይቱ ከሽፎበት፣ ቀለሁ ተቀርቅሮበት፣ ዘንግ ከአፈሙዙ እያስገባ ሲታገል የተገደለ የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ወጣት ጠላቱ የበለጠው በጀግንነት አልነበረም፤ በመቶዎች የሚቆጠሩ ሜትሮች ላይ የሚጨመርን ጥቂት የፍጥነት ልዩነት ለማዳን ቢሮ ውስጥ የተፈረመ ወረቀት ነው ያጋለጠው።

መፍትሔው በአንጻራዊነት ቀላል መሆኑ ቁጭቱን ያብሰዋል። ማጉረሻው፣ በኋላም የበርሜሉ ውስጥ በሙሉ በክሮም ተለበጠ፤ የመዝጊያውን እንቅስቃሴ የሚያዘገየው ክፍል ከበድ ተደረገ፤ የባሩዱ ቅንብር ተስተካከለ፤ የጽዳት ቁሳቁስ ታደለ፤ ለወታደሩም በሥዕል የተብራራ የአያያዝ መመሪያ ተሰጠው። በ1967 ኤም-16ኤ1 ተብሎ የጸደቀው ጠመንጃ በሁለትና በሦስት ዓመት ውስጥ አስተማማኝ ሆነ። የመጀመሪያው መጥፎ ስም ግን ዛሬም አልለቀቀውም፤ ክላሽን የሚያወድስ ሰው ሁሉ የሚጠቅሰው የእነዚያን ጥቂት ዓመታት ኤም-16 ነው።

ቀጣዩ ደረጃ ብዙ ማብራሪያ አይሻም። በ1980 ኔቶ 5.56ን ሁለተኛ መደበኛ ጥይቱ ሲያደርግ የተመረጠው የቤልጅጉ ኤፍ.ኤን ኩባንያ የነደፈው፣ ከብዶ አራት ግራም የሚሆንና ጫፉ ላይ ብረት ያለበት አረር ነበር። ከሃያ ስድስት ዓመት በፊት ሙሉ ኃይል ያለውን ጥይት በአጋሮቿ ላይ የጫነችው አሜሪካ አሁን ትንሹን ይዛ መጣች ማለት ነው። ማሪኖች በ1983 የተቀበሉት ኤም-16ኤ2 ለዚህ አረር የሚስማማ በርሜል፣ ለርቀት የሚስተካከል ማነጣጠሪያና አንድ ጊዜ ሲሳብ ሦስት ጥይት ብቻ የሚተኩስ ስልት ነበረው። የሦስቱ ጥይት ስልት የተጨመረው በድንጋጤ ካዝናውን በአንድ ትንፋሽ የሚጨርሰውን ወታደር ለመግታት ነበር፤ ነገር ግን የምላጩን ክብደት ከተኩስ ተኩስ ስለሚለዋውጠው ጥሩ ተኳሾች አልወደዱትም፤ ጦሩም ከዓመታት በኋላ በኤም-4ኤ1 ወደ ሙሉ ተከታታይ ተኩስ ተመለሰ።

ኤም-4 ራሱ በ1994 ጸደቀ። የኤም-16 በርሜል 508 ሚሊ ሜትር ሲሆን የኤም-4 368 ብቻ ነው፤ ሰደፉም ይታጠፋል ባይባልም ወደ ውስጥ ይገፋል። ከተሽከርካሪ ለሚወርድና ከቤት ቤት ለሚዋጋ ወታደር የተመቸ ሆነ። በ1995 መደበኛ የሆነው ጥርስ ያለው ሐዲድ ከላይና ከጎን ሲገጠምለት ደግሞ ቀይ ነጥብ ማነጣጠሪያ፣ የሌሊት መብራትና ሌዘር ያለ ግምጃ ቤት ባለሙያ እርዳታ የሚሰካበት መሣሪያ ሆነ። ከሂችማን ዘገባ ወዲህ ተራውን ወታደር ይበልጥ ኢላማ መቺ ያደረገው ለውጥ ይህ ይመስለኛል፤ ከጥይቱ ለውጥም ሳይበልጥ አይቀርም። ሆኖም በርሜሉ ሲያጥር የአረሩ ፍጥነት ይቀንሳል፤ ትንሹ አረር ደግሞ ጉዳት የሚያደርሰው በዋናነት በፍጥነቱ ነው።

አፍጋኒስታን ይህን ድካም ገለጠችው። በኢራቅ ከተሞች ኤም-4 ጥሩ ሠርቷል፤ በአፍጋኒስታን ሸለቆዎች ግን ታሊባን ከተራራ ጫፍ ሆኖ በአሮጌ ረጅም ጠመንጃና በመትረየስ ከ500 ሜትር በላይ ይተኩስ ነበር። በፎርት ሌቨንዎርዝ አንድ የጦሩ ሻለቃ በ2009 ያቀረበው ጥናት፣ በዚያ አገር ከነበሩት ግጥሚያዎች ከግማሽ በላይ የሚሆኑት ከ300 ሜትር ርቀው እንደ ነበሩ አሳየ። ጁላይ 13 ቀን 2008 ዋናት በተባለ ቦታ ዘጠኝ የአሜሪካ ወታደሮች በተገደሉበት ውጊያ ደግሞ ጠመንጃዎች ከልክ በላይ ግለው መቆማቸው ተነገረ፤ በኋላ የተደረገው ማጣራት ምክንያቱን ለረጅም ጊዜ ያለ ፋታ በመተኮሳቸው ላይ አኖረው። ጦሩ በ2010 የተሻለ አረር ያለውን ኤም-855ኤ1 ጥይት አስገባ፤ ይህም ቅሬታውን በከፊል አቀለለው። ጠመንጃውን ራሱን ለመተካት የተደረጉት ሙከራዎች ግን አንድ በአንድ ከሸፉ፤ ኤክስ.ኤም-8 በ2005፣ አዲስ ካርባይን ለመምረጥ የተጠራው ውድድርም በ2013 ተሰረዘ። አንድ የጋራ ድካም ነበራቸው፤ ያንኑ ጥይት እየተኮሱ ከነባሩ ጠመንጃ ወጪውን የሚያወጣ ብልጫ ማሳየት አልቻሉም።

ስለዚህ ጥይቱን መለወጥ የግድ ሆነ፤ ምክንያቱ ግን አፍጋኒስታን ብቻ አልነበረችም። በሜይ 2017 የምድር ጦሩ ኤታማዦር ሹም ጄኔራል ማርክ ሚሊ ለሕግ መወሰኛው ምክር ቤት ሲያስረዱ፣ 5.56 ጥይት በገበያ ላይ እየተስፋፉ የመጡትን የጥይት መከላከያ ሰደርያ ሰሌዳዎች እንደማይበሳ አመኑ። ዓይን ከታሊባን ወደ ሩሲያና ቻይና ዞሮ ነበር። ኤፕሪል 2022 ላይ ሲግ ሳወር ኩባንያ ለአሥር ዓመት የሚዘልቅ ውል አሸንፎ፣ ጠመንጃው መጀመሪያ ኤክስ.ኤም-5፣ በ2023 ደግሞ ኤክስ.ኤም-7 ተባለ (‘ኤክስ’ መሣሪያው ገና በሙከራ ላይ መሆኑን ያመለክታል)። የመጀመሪያዎቹ በማርች 2024 ፎርት ካምቤል ለሚገኘው ለ101ኛው አየር ወለድ ክፍለ ጦር ተሰጡ። ዕቅዱ ከ100,000 በላይ ጠመንጃዎችን ለእግረኛ፣ ለቃኚ፣ ለተዋጊ መሐንዲስና ለመሰሎቻቸው ማደል ሲሆን፣ የቀረው ሠራዊት በኤም-4 ይቀጥላል።

የአዲሱ ጥይት ብልሃት በቀለሁ ላይ ነው። የ6.8×51 የውጊያ ጥይት የቀለሁ ታች ከብረት፣ የላይኛው አካሉ ከነሐስ ተሠርቶ የተያያዘ በመሆኑ እስከ 80,000 ፓውንድ በካሬ ኢንች የሚደርስ ግፊት ይችላል፤ ይህም ከ5.56ቱ በሩብ ያህል ይበልጣል። በዚህ ግፊት ከ330 ሚሊ ሜትር በርሜል፣ ድሮ ከረጅም በርሜል ብቻ ይገኝ የነበረ ፍጥነት ይገኛል። በአፈሙዙ ላይ የድምፅ ማፈኛ ይገጠማል፤ ጋዙም እንደ ክላሽ ፒስተን ይገፋል እንጂ ወደ መዝጊያው አይገባም፤ የስቶነር ንድፍ በዚህ ላይ አብቅቷል። ከላይ የሚቀመጠው ኤክስ.ኤም-157 ማነጣጠሪያ ርቀቱን በሌዘር ለክቶ፣ አረሩ የሚወርድበትን መጠን አስልቶ የሚመታበትን ነጥብ ለተኳሹ ያሳየዋል። ሂችማን ወታደሩ ከ300 ያርድ በላይ እምብዛም አይመታም ያለው ርቀትን በዓይን መገመት ከባድ ስለ ሆነም ጭምር ነበር፤ ማነጣጠሪያው እንደ ታሰበው ከሠራ ያ የድሮ ግኝት ከፊል መሠረቱን ያጣል። የአዲሱ ውሳኔ ጠንካራ ክርክር ይህ ነው፤ ተቃዋሚዎቹም አብዛኛውን ጊዜ ዘለውት ያልፋሉ።

ዋጋው በትከሻ ላይ ይታያል። ኤም-4ኤ1 ባዶውን ሦስት ኪሎ ሳይሞላ፣ ኤም-7 ከድምፅ ማፈኛው ጋር አራት ኪሎ ተኩል ይጠጋል፤ ማነጣጠሪያው ገና አልተቆጠረም። የኤም-4 ወታደር በሰባት ካዝና 210 ጥይት ሲይዝ ክብደቱ ሦስት ኪሎ ተኩል አይሞላም፤ የኤም-7 ወታደር በሰባት ካዝና 140 ጥይት ብቻ ይዞ ከአራት ኪሎ በላይ ይሸከማል። በ1960ዎቹ የተገኘው ትርፍ በከፊል ተመልሶ ተከፈለ ማለት ነው። በ2025 አንድ የምድር ጦር ሻምበል በአደባባይ ባቀረበው ጥናት፣ በልምምድ ላይ ያያቸው ወታደሮች ጥይታቸው ፈጥኖ ማለቁንና በበርሜሎች ላይ የመጎዳት ምልክት መታየቱን ገለጸ፤ ኩባንያው ግኝቶቹን አስተባበለ። ኩባንያው በዚያው ዓመት የቀለለ ዓይነት ይዞ መቅረቡ ግን የክብደቱ ቅሬታ ከንቱ እንዳልነበረ ያሳያል።

አጋሮችም እስካሁን አልተከተሉም። ፈረንሳይ በ2017 መቀበል የጀመረችው ኤች.ኬ 416፣ ጀርመንም የመረጠችው የዚያው ዓይነት ጠመንጃ 5.56 ይተኩሳሉ። የአሜሪካ ማሪኖች ራሳቸው በዚያው ጥይት የሚሠራውን ኤም-27 ይዘው ለመቆየት መርጠዋል። ሩሲያም በዩክሬን እየተዋጋች አዲሱን ክላሿን ኤ.ኬ-12ን በ2023 ስታሻሽል ያነሣችው የሁለት ጥይት ስልቱንና ያልተመቹ ክፍሎችን ነው፤ 5.45 ጥይቷን አልነካችም። በዚያ ጦርነት አብዛኛውን ጉዳት የሚያደርሱት መድፍና ድሮን ሲሆኑ፣ ጠመንጃ የሚያስፈልገው ምሽግ ውስጥ በቅርብ ርቀት ሲገናኙ ወይም ዝቅ ብሎ የመጣን ድሮን ለመምታት ነው፤ ለሁለቱም የጥይት ብዛት ይጠቅማል። ይህን ስመለከት ለሁሉም የግንባር እግረኛ ኤም-7 መስጠቱ ከልክ ያለፈ ይመስለኛል፤ በየጓዱ ለተመረጡ ጥቂት ተኳሾች ቢሰጥ ግን ኃይሉም ማነጣጠሪያውም በቦታቸው በዋሉ ነበር።

ከመጠንና ከርቀት ክርክር በላይ እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። የመከላከያ ሚኒስቴሩ የሙከራና ግምገማ ዳይሬክተር መሥሪያ ቤት በ2025 መጀመሪያ ባወጣው ዓመታዊ ዘገባ፣ ወታደሮች የማነጣጠሪያውን አጠቃቀም ከአማካይ በታች እንደ መዘኑት፣ ጠመንጃውም ከነማነጣጠሪያው የ72 ሰዓት ግዳጅን ያለ ከባድ ብልሽት የመጨረስ ዕድሉ ዝቅተኛ እንደ ሆነ አስፍሯል። በዚህ ላይ ለሥልጠና የሚውለው ጥይት ቀለሁ ተራ ነሐስ፣ ግፊቱም ከውጊያው ጥይት ያነሰ ነው። በርሜልንም የተኩስ ቦታንም ለመቆጠብ የተደረገ እንደ መሆኑ ምክንያቱ ይገባኛል፤ ነገር ግን ወታደሩ በአንድ ጥይት ሠልጥኖ በሌላ ይዋጋል፣ ጠመንጃውም አብዛኛውን ዕድሜውን ከውጊያው ባነሰ ግፊት ያሳልፋል ማለት ነው። በምዙሪ የሚገኘው የሌክ ሲቲ የጥይት ፋብሪካ የ6.8 ጥይትን በብዛት የሚያመርትበት አዲስ ሕንጻ ግንባታ በ2025 መጀመሪያ ተጀምሯል። በ1960ዎቹ ባሩዱ የተለወጠው ልክ እንዲህ ባለ ጊዜ፣ በትንሽ መጠን ከማምረት ወደ ብዙ ማምረት ሲታለፍ ነበር። ስለዚህ ከዚያ ፋብሪካ የሚወጡት የመጀመሪያዎቹ የውጊያ ጥይቶች በየጊዜው ከክፍለ ጦሮች እጅ በተወሰዱ፣ ባረጁና በቆሸሹ ጠመንጃዎች በሺዎች ተተኩሰው፣ ውጤቱም ለምክር ቤቱ በግልጽ መቅረብ አለበት፤ ባሩዱ፣ ቀለሁ ወይም የፍጥነት ድንጋጌው በማንኛውም ምክንያት ቢለወጥም ጠመንጃው ለወታደሩ ከመታደሉ በፊት ሙከራው ከመጀመሪያው ሊደገም ይገባል።